የፊልም ኤዲተር ሙያ በጎንደር

ያለ ስቱዲዮ ድጋፍ፣ በትንሽ ገንዘብ የሚሠራ ፊልም ላይ ኤዲተሩ ፋይል ይረከባል፣ ድምፅ ከምስል ያገጥማል፣ ቀለም ያስተካክላል፣ የግርጌ ጽሑፍ ያስገባል። ብዙ ጊዜ አዘጋጁም እሱው ነው። ጎንደር የተወለደው ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1993 የወጣውን «ሳንኮፋ»ን ጽፎ፣ አዘጋጅቶ፣ ኤዲትም አድርጎታል።

እጅ የሚፍታታው በአብዛኛው በሰርግ ቪዲዮ ነው። ሰርግ ፍጥነትንና የፋይል አያያዝን ያስተምራል፤ በየሁለት ሰከንዱ መቁረጥንም ያስለምዳል። ይህ ልማድ ፊልም ላይ ትወናውን ይገድለዋል።

ሥራው በኮፒ ይጀምራል። በሰከንድ 100 ሜጋቢት የሚቀርጽ ካሜራ በሰዓት 45 ጊጋባይት ይሞላል። ፋይሉ በሁለት ሃርድ ዲስኮች ተቀምጦ፣ ተከፍቶ ሳይታይ የካሜራው ሚሞሪ ካርድ አይጠረግም። መብራት ድንገት ስለሚጠፋ ዴስክቶፕ ያለ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ ለጥቂት ጊዜ ኃይል የሚሰጥ ባትሪ) አይሠራበትም፤ ሥራውን በራሱ የሚያስቀምጠው አውቶሴቭም በየ5 ደቂቃው ይሁን። በስልክ የተቀረጸ ምስል የፍሬም ፍጥነቱ (በሰከንድ የሚያልፉት ነጠላ ምስሎች ብዛት) ስለሚዋዥቅ ድምፁ ቀስ በቀስ ከከንፈር ይለያያል፤ ኤዲቲንግ ከመጀመሩ በፊት ወደ ቋሚ፣ በሰከንድ 25 ፍሬም መቀየር አለበት።

ጥምቀት በፋሲል መዋኛ በብዙ ካሜራ ሲቀረጽ ሌላ ችግር ይመጣል። ድምፅ በሰከንድ 340 ሜትር ገደማ ስለሚጓዝ፣ ከድምፅ ማጉያው 100 ሜትር የራቀ ካሜራ ዝማሬውን 7 ፍሬም ያህል ዘግይቶ ይሰማዋል። የኤዲቲንግ ፕሮግራሙ የካሜራዎቹን ቀረጻ በድምፅ ብቻ ካገጣጠመ ምስሉ ይዛነፋል፤ በዓይን በሚታይ እንቅስቃሴ፣ ለምሳሌ በከበሮ ምት፣ ማረም ያስፈልጋል።

ከሁሉ የሚከብደው ግን የንግግር ቆረጣ ነው። በአማርኛ ግሱ መጨረሻ ላይ ይመጣል። «ልጁን ትናንት ማታ ቀሃ ወንዝ ዳር…» ሲባል «አየሁት» ይሁን «ቀበርኩት» እስኪሰማ የአድማጩ ፊት አይለወጥም። ቆረጣው ወደ አድማጩ ፊት መሄድ ያለበት ግሱ ሊወጣ ሲል ነው፤ ከዚያ ቀድሞ ከተሄደ ባዶ ፊት ይታያል፣ ከዘገየ ድንጋጤው ያመልጣል። የእንግሊዝኛ የግርጌ ጽሑፍም ግሱን ስለሚያስቀድም ተዋናዩ ሳይናገር ወሬውን ያወጣዋል። መፍትሔው ዓረፍተ ነገሩን ለሁለት ከፍሎ፣ ሁለተኛውን ከግሱ ጋር ማውጣት ነው።

የአዝማሪ ትዕይንትም እንዲሁ ትዕግሥት ይፈልጋል። ሰምና ወርቅ ያለው ስንኝ ሲያልቅ ወርቁ እስኪገባ አዝማሪው ላይ መቆየት ይሻላል፤ የተሰብሳቢው ሳቅ ከቀደመ ቅኔው ይፈስሳል። ሁለት ቀረጻዎች ሲቀጣጠሉ የማሲንቆው ደጋን በአንደኛው ሲገፋ በሌላው ሲሳብ መታየት የለበትም። ከቤቱ ማንም ሳይናገር የተቀዳ 30 ሰከንድ ድምፅ ከሌለ በየቆረጣው ጸጥታ ይሰነጠቃል፤ ስለዚህ ኤዲተሩ ከቀረጻው በፊት ለድምፅ ባለሙያው ያሳስባል።

ክፍያው በውል ቢሆን ይመረጣል፦ ቅድሚያ፣ የመጀመሪያው ረቂቅ ሲታይ፣ ቀሪው ደግሞ ፊልሙ ከመሰጠቱ በፊት። ውሉ ስንት ጊዜ እርማት እንደሚደረግና ጥሬ ፋይሉ ማን ዘንድ እንደሚቀር ይጻፍበት።