ዴቪድ ሱሼ፦ ከሼክስፒር መድረክ እስከ ፖይሮት

ዴቪድ ሱሼ እንግሊዛዊ የመድረክና የቴሌቪዥን ተዋናይ ነው። አብዛኛው ተመልካች የሚያውቀው ደራሲዋ አጋታ ክሪስቲ የፈጠረችውን ሄርኩል ፖይሮት የተባለ ቤልጂየማዊ መርማሪ ሆኖ ነው። ፖይሮት የመጣው ግን ሱሼ ሃያ ዓመት ገደማ በሙያው ከቆየ በኋላ ነው። ያ የመድረክ ልምድ ባይኖር ፖይሮትም ያን ያህል ሕይወት አይዘራም ነበር ብዬ አምናለሁ።

እ.ኤ.አ. በ1946 ለንደን ውስጥ ተወለደ። አባቱ ከደቡብ አፍሪካ የመጣ የማህፀን ሐኪም ነበር፤ እናቱ ደግሞ ተዋናይ ነበረች። ትወናን ለንደን ተምሮ በ1969 ቼስተር ከተማ በሚገኝ ቲያትር ቤት ሥራ ጀመረ። በ1973 ሮያል ሼክስፒር ካምፓኒ የተባለው የቲያትር ቡድን ውስጥ ገባ። እዚያ የታወቀው በመልከ መልካም ጀግና ሚና አይደለም። ከሼክስፒር ገጸ ባሕርያት ካሊባንን፣ ሻይሎክን፣ በ1985 ደግሞ ቤን ኪንግስሊ ኦቴሎን ሲጫወት ኢያጎን ሆኖ ተጫወተ። ሦስቱም ተመልካች ቶሎ የማይወዳቸው ሰዎች ናቸው። እንዲህ ያለ ሚና የሚይዝ ተዋናይ ቁንጅናውን ይዞ መድረክ ላይ ቢወጣ አያዋጣውም፤ ድምፁን፣ አረማመዱን፣ አቋሙን ሁሉ መቀየር አለበት።

በዚያው በ1985 በአንድ የቴሌቪዥን ፊልም ላይ ተዋናዩ ፒተር ኡስቲኖቭ ፖይሮትን ሲሠራ፣ ሱሼ ፖሊሱን ኢንስፔክተር ጃፕን ነበር የተጫወተው። ያንን አተዋወኑን በኋላ ራሱ ክፉኛ ነቅፎታል።

የፖይሮት ሚና ሲሰጠው የአጋታ ክሪስቲን መጻሕፍት ማስታወሻ እየያዘ አነበበ። ስለ ሰውየው ጠባይና ልማድ 93 ነጥቦች መዘገበ፤ በሻይና በቡናው ውስጥ የሚጨምረው ስኳር እንኳ አልቀረም። ድምፁን ከደረቱ አውጥቶ ወደ ራስ ቅሉ አወጣው፤ ፖይሮት በአንጎሉ የሚኖር ሰው ነውና። ሰውነቱን የሚያወፍር መደረቢያ ለበሰ፤ አጫጭር ፈጣን እርምጃዎችንም ደጋግሞ ተለማመደ። ዝርዝሩ ብቻውን ግን ማስመሰል ሆኖ በቀረ ነበር። የሱሼ ትልቁ ችሎታ ከሥርዓት ወዳዱ ሰው ጀርባ ያለውን ብቸኝነት ማሳየቱ ነው።

የፖይሮት ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ከ1989 እስከ 2013 ዘልቆ 70 ክፍሎች ተሠሩለት። ጉዞው ግን ያለ ማቋረጥ አልነበረም። በ1997 እና በ2000 መካከል አዲስ ክፍል አልታየም። እኔ የማደንቀው ሱሼ በዚያ ሰሞን የሠራውን ነው። ለንደን ውስጥ የአሜሪካዊውን ጸሐፌ ተውኔት የኤድዋርድ አልቢን ቲያትር ሠራ፤ ከዚያ ስለ ሞዛርት በሚተርከው «አማዴውስ» ተውኔት ላይ የሙዚቃ ደራሲውን ሳሊዬሪን ሆኖ እስከ ኒው ዮርክ የቲያትር መንደር ብሮድዌይ ሄደ፣ በ2000ም ቶኒ ለተባለው የአሜሪካ የቲያትር ሽልማት ታጨ። ብዙ ተዋንያን አንድ ገጸ ባሕርይ ተጣብቆባቸው ይቀራል። እሱ በየመሀሉ መድረክ ላይ እየወጣ ሌላ ሰው ይሆን ነበር።

በቴሌቪዥንም ቢሆን ፖይሮት ላይ ብቻ አልቆመም። የሚዲያ ባለሀብቱን ሮበርት ማክስዌልን በተጫወተበት ፊልም በ2008 የዓለም አቀፍ ኤሚ ሽልማትን አግኝቷል። ጨዋው ፖይሮትና አስፈሪው ማክስዌል የአንድ ሰው ሥራ ናቸው ቢባል ማመን ይከብዳል።

የፖይሮት የመጨረሻው ቀረጻ የተካሄደው ግሪንዌይ በሚባለው የክሪስቲ የራሷ ቤት ነው። የፖይሮት ሞት የሚታይበት ክፍል ግን ከዚያ ቀደም ብሎ ተቀርጾ ነበር። ተከታታዩ ካለቀ በኋላም ሱሼ አላረፈም። መጽሐፍ ቅዱስን ሙሉውን በድምፁ ቀረጸ፤ በ2015 በኦስካር ዋይልድ ኮሜዲ ውስጥ ሌዲ ብራክኔል የተባለችውን ወይዘሮ ሆኖ በቀሚስ መድረክ ላይ ወጣ። በ2020 «ሰር» የሚለው ማዕረግ ተሰጠው።