የእርግብ ውድድር፦ በሰከንድ የሚለይ ፉክክር

በፒያሳና በአራት ኪሎ ያደገ ሰው እርግብ የሚያረባ የሰፈር ልጅ አያጣም። ቆርቆሮ ጣሪያ ጥግ የተሠራ የሳንቃ ቤት፣ ከላይ የሚያንዣብብ ጭልፊት፣ «የኔ ትበልጣለች» የሚል ክርክር። ይህን ክርክር በሰዓትና በሜትር ወደሚዳኝ ስፖርት የቀየሩት በ19ኛው ክፍለ ዘመን ቤልጅየሞች ናቸው።

እርግቦቹ ከሩቅ ቦታ አንድ ላይ ይለቀቃሉ፤ እያንዳንዷ ወደ ቤቷ ትበራለች። ግን የቤቶቹ ርቀት እኩል አይደለም። አዳማ ላይ ተለቀቁ እንበል። አራት ኪሎ ከፒያሳ ይልቅ በአንድ ኪሎ ሜትር ገደማ ይቀርባታል። በደቂቃ 1,200 ሜትር ለምትበር እርግብ ይህ 50 ሰከንድ ነው። ስለዚህ የምታሸንፈው ቀድማ የገባችው ሳትሆን፣ ርቀቷ ለሰዓቷ ሲካፈል በደቂቃ ብዙ ሜትር የበረረችው ናት።

ልብ የሚሰቅለው መጨረሻው ነው። እርግቧ መጥታ ጣሪያ ላይ ብታርፍ ሰዓቱ አይቆምም፤ ቤቷ መግባት አለባት። ድሮ ከእግሯ የላስቲክ ቀለበት ይወልቅና የመግቢያ ጊዜዋን የሚመዘግብ ልዩ ሰዓት ውስጥ ይከተት ነበር። ዛሬ የእግሯን ቺፕ መግቢያው ላይ ያለ መሣሪያ ያነበዋል። ባለቤቱ እህል በጣሳ እያንኳኳ ይለምናታል፤ እሷ ላባዋን ታበጥራለች። መቶ ኪሎ ሜትሮች ተበርረው ድሉ እዚህ ጋ ሊያመልጥ ይችላል። አንዳንድ አርቢ ወንዱን ከሴቷ ለይቶ ያቆየውና፣ ለውድድር ሊወጣ ሲል ለአፍታ ያሳየዋል። በናፍቆት እንዲበር ነው።

ምኞቱ ሲያይል ገንዘቡም ይከተላል። አርማንዶ የተባለ የቤልጅየም እርግብ እ.ኤ.አ. በ2019 በ1.25 ሚሊዮን ዩሮ ተሸጠ። በ2020 ደግሞ ኒው ኪም የተባለችው 1.6 ሚሊዮን አወጣች። ሁለቱም ወደ ቻይና ገዢዎች ሄዱ። እዚያው ቻይና፣ እ.ኤ.አ. በ2017 ወደ ሻንጋይ በተደረገ ውድድር፣ ሁለት ሰዎች እርግቦቻቸውን በወተት ካርቶን ደብቀው በፈጣን ባቡር አመጧቸው። ሰዓቱ ከመጠን በላይ ስለፈጠነ ተነቃባቸው፤ በኋላም ተፈረደባቸው። በጣም የሚያሳዝነው ግን ማስረጃ ለማጥፋት እርግቦቹን መግደላቸው ነው።

በመሀል አዲስ አበባ ለሚያስበው ሰው ዋናው ጥያቄ ቤት ነው። እርግብ የለመደችውን ቦታ እንጂ ባለቤቷን አትከተልም። በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ ሰፈሮች ለኮሪደር ልማት እንደተነሡት ዓይነት ለውጥ ሲመጣ፣ አርቢው ቢሄድም የለመዱት እርግቦች ሲለቀቁ ወደ ድሮው ቦታ ይመለሳሉ። ስለዚህ አዲስ ሰፈር የገባ አርቢ አሮጌዎቹን ለዘር ዘግቶ ይይዛል፤ በረራውን እዚያው በተፈለፈሉ ጫጩቶች ይጀምራል።