በበጋ ዝናብ? የትንበያው ቃል ግራ ላጋባችሁ

ትንበያው «በመጪው በጋ ደቡቡ ጥሩ ዝናብ ያገኛል» ሲል ብዙዎቻችሁ ስህተት መስሏችኋል። ስህተት አይደለም። ሜትሮሎጂ ዓመቱን በሦስት ይከፍለዋል፤ ከሰኔ እስከ መስከረም ክረምት፣ ከጥቅምት እስከ ጥር በጋ፣ ከየካቲት እስከ ግንቦት በልግ። ስሙ ለመላው አገር አንድ ነው፤ ዝናቡ ግን እንደየአካባቢው ይለያያል።

ዝናብ አምጪው የአየር መቀነት ፀሐይን ተከትሎ ወደ ሰሜን ይወጣል፣ ከዚያም ወደ ደቡብ ይመለሳል። ቦረናንና አብዛኛውን የሶማሌ ክልል ሲወጣም ሲመለስም ያገኛቸዋል። ስለዚህ ዋናው ዝናባቸው በበልግ ነው፤ ሁለተኛው፣ ቦረናዎች ሀገያ፣ ሶማሌዎች ዴር የሚሉት፣ በአብዛኛው የሚዘንበው እኛ በጋ በምንለው ወቅት ነው። ሐምሌ ላይ ጎጃም በጭቃ ሲርስ በቦረና ያለው ያቤሎ ደረቅ ነው። ጥቅምት ላይ ደግሞ ጎንደር ያለ ገበሬ ዝናብ የደረሰ ሰብሉን እንዳያበላሽበት ሲሰጋ፣ የያቤሎ አርብቶ አደር ያንኑ ዝናብ ለከብቶቹ ሣርና ውኃ ብሎ ይጠብቃል። አንዱን ዜና ሁለቱም እኩል ሊሰሙት አይችሉም፤ ለዚህ ነው ትንበያ ስታጋሩ የአካባቢውን ስም እንዳትቆርጡ የምለምነው።

ኢሉባቦርና ካፋ ከሁለቱም ይለያሉ፤ አብዛኛውን ዓመት ይዘንብባቸዋል።

ይህ ቅደም ተከተል የታወቀ ነው። በየዓመቱ የሚለዋወጠው ዝናቡ የሚገባበትና የሚወጣበት ቀን፣ እንዲሁም መጠኑ ነው። ኤልኒኞ፣ ማለትም የፓስፊክ ውቅያኖስ ውኃ ከወትሮው የመሞቅ ክስተት፣ ሲከሰት በሰሜኑ ክረምቱ ይዳከማል፣ በ2007 ዓ.ም. እንደሆነው፤ የደቡቡን የበጋ ዝናብ ግን ብዙ ጊዜ ያጠናክረዋል።