«አክቶር ዴ ሬፓርቶ» ምንድን ነው?

እኛ «ረዳት ተዋናይ» የምንለውን ስፔኖች «አክቶር ዴ ሬፓርቶ» ይሉታል። «ሬፓርቶ» ማከፋፈል ማለት ነው፤ ለእያንዳንዱ ተዋናይ ድርሻው የሚሰጥበት ድልድል። ቃሉ ሰውየውን የማንም ረዳት አያደርገውም፣ ድርሻ የደረሰው ሰው ነው የሚለው። «ሴኩንዳሪዮ»፣ ማለትም ሁለተኛ፣ የሚል መጠሪያም አላቸው። እኔ ግን የፊተኛውን እመርጣለሁ። በተለይ በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የተሠሩትን የስፔን ፊልሞች ላየ ሰው «ሁለተኛ» የሚለው ቃል አይዋጥለትም።

በእነዚያ ፊልሞች ላይ እንዲህ ያለ ድርሻ ከደረሳቸው ተዋንያን አብዛኞቹ ከቴአትር ቤት የመጡ ነበሩ። በቴአትር ቡድን ውስጥ መሪው ተዋናይ፣ አፍቃሪው ጎልማሳ፣ ወጣቷ እመቤት፣ ሽማግሌውና አሮጊቷ እያንዳንዳቸው የታወቀ ቦታ ነበራቸው። ቴአትሩም በቀን ሁለት ጊዜ ይታይ ነበር። እንዲህ የተገራ ሰው ካሜራ ፊት ሲቆም በአንዲት ደቂቃ ውስጥ ሙሉ ሰው አድርጎ ማሳየት ይችላል። ተመልካቹ ስሙን ላያውቀው ይችላል፤ ፊቱን ግን እንደ ጎረቤቱ ያውቀዋል።

ከእነዚህ ሁሉ ሕዝቡ «ፔፔ» የሚለው ሆሴ ኢስበርት ይለይብኛል። በ1886 ማድሪድ ተወለደ። በ1912 ጠቅላይ ሚኒስትሩ ካናሌሃስ ሲገደሉ ወዲያው በተሠራው አጭር ፊልም ላይ ገዳዩን ሆኖ ተጫወተ። ዝናው የመጣው ግን ሸምግሎ ነው፤ አጭር ቁመት፣ ሻካራና የታፈነ ድምፅ ይዞ። በሌላ አገር እንዲህ ያለ ድምፅ ከሥራ ያስወጣ ይሆናል። እሱ ግን ገና ሳይታይ በድምፁ ብቻ ይታወቅ ነበር።

በ1953 ዳይሬክተሩ ሉዊስ ጋርሲያ ቤርላንጋ በሠራው «ቢየንቬኒዶ ሚስተር ማርሻል»፣ ማለትም «እንኳን ደህና መጡ ሚስተር ማርሻል»፣ ላይ ኢስበርት ጆሮው የከበደ የመንደር ሹም ነው። መንደሩ የአሜሪካ እርዳታ ይመጣል ብሎ ያልሆነውን ለብሶ፣ ያልሆነውን መስሎ ይጠብቃል። ሹሙ ሰገነት ላይ ወጥቶ ማብራሪያ እንዳለበት ለሕዝቡ ይናገራል፤ ማብራሪያው ራሱ ግን አይመጣም፣ ያው ቃል ተመልሶ ይዞራል። ጊዜው የአምባገነኑ የፍራንኮ ነው፤ ፊልም ሁሉ በሳንሱር ያልፋል። በግልጽ የማይነገረውን የዚያ ሽማግሌ ግራ መጋባት ተናገረው።

ቤርላንጋ ካሜራውን ሳያቋርጥ ብዙ ሰው በአንድ ላይ እያወራ የሚታይበትን ትዕይንት ይወድ ነበር። እንዲህ ባለው አቀራረጽ ከዳር የቆመ አንድ ደካማ ተዋናይ ሙሉውን ትዕይንት ያበላሻል። ማኑኤል አሌክሳንድሬን፣ ሆሴ ሉዊስ ሎፔዝ ቫስኬዝን፣ ማኖሎ ሞራንን የመሰሉ ሰዎች ባይኖሩ ኖሮ እነዚያ ፊልሞች በዚያ መልክ ባልተሠሩ ነበር።

በ1963 የወጣውን «ኤል ቬርዱጎ»ን፣ ማለትም «ሰቃዩ»ን፣ ተመልከቱ። ፊልሙ ከጣሊያን ጋር በሽርክና ስለተሠራ መሪ ተዋናዩ ጣሊያናዊው ኒኖ ማንፍሬዲ ነው። ኢስበርት ጡረታው የደረሰ የሞት ፍርድ አስፈጻሚ ሆኖ ይጫወታል። የሰው አንገት የሚያንቅበትን መሣሪያ የያዘች ቦርሳውን የሬሳ መኪና ውስጥ ረስቷት ይወርዳል፤ ልክ ምሳ ዕቃውን እንደረሳ ሠራተኛ። ክፉ ፊት ቢያሳየን ኖሮ በጠላነውና በተገላገልን። እሱ ግን ደግ አያት ነው፣ ለልጁ ቤት እንዲያገኝላት የሚጨነቅ። የሞት ቅጣት ተራ የመንግሥት ሥራ ሆኖ ሲታይ እንዴት እንደሚያስፈራ የምንረዳው ከእሱ ነው።

ኢስበርት በ1966 ሞተ። ልጁ ማሪያ ኢስበርትም በዚያው ሙያ ዘመኗን ሙሉ በትናንሽ ሚናዎች ስትሠራ ኖራለች። በ1987 የስፔን የፊልም ሽልማት ጎያ ሲጀመር ለእንዲህ ዓይነት ተዋናዮች የራሳቸው ዘርፍ ተሰጣቸው፤ ለዘርፉ የተመረጠውም ቃል «ሬፓርቶ» ነው።