ዋስትና ምንድን ነው? «ከፍሎ ወጣ» ለምትሉ

ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ አካባቢ ቡና እየጠጣሁ ነው። አጠገቤ ያለው ጎልማሳ ስልኩ ላይ የአንድ ተከሳሽ ዜና እያየ፣ «ይሄው፣ ሃያ ሺህ ብር ከፍሎ ነጻ ወጣ! ድሃ ቢሆን ይበሰብስ ነበር» አለ። በጥብቅና ሥራዬ ስንቴ ሰምቼዋለሁ። ያን ቀን ግን ዝም ማለት አቃተኝ። ሰውየው አልከፈለም። ነጻም አልወጣም፤ ክሱን ከውጭ እየቀረበ እንዲከታተል በዋስትና ተለቀቀ እንጂ።

ሰርግ ደግሳችሁ ታውቁ የለ? ሃያ ሳጥን ለስላሳ ስትወስዱ ለጠርሙሱና ለሳጥኑ ማስያዣ ትሰጣላችሁ። ባዶውን ስትመልሱ ብራችሁ ይመለሳል። «ጠርሙስ ገዛሁ» የሚል የለም። የዋስትና ገንዘብም ማስያዣ ነው። ተከሳሹ በየቀጠሮው ችሎት እየቀረበ ጉዳዩ ካለቀ ብሩ ይመለሳል። ጥፋተኛ ተብሎ ቢፈረድበት እንኳ! ለስላሳው ጣፈጠም አልጣፈጠም፣ ማስያዣው የጠርሙሱ ነው። ሰውየው ከጠፋ ብሩ ለመንግሥት ገቢ ይሆናል፤ ዋስ ካለም በፈረመው ልክ ይጠየቃል። ክሱ ግን አይዘጋም። (ምሳሌዬ እዚህ ላይ ያነክሳል፤ ጠርሙስ ተነስቶ ወደ ሎጊያ አይሻገርም።)

«በነጻ ተሰናበተ» የሚባለው ዐቃቤ ሕግ ክሱን ማስረዳት ሲያቅተው ወይም ተከሳሹ ተከላክሎ ሲያሸንፍ ነው። ዋስትና የሚመጣው ከዚያ በፊት፣ ገና ምንም ሳይለይ ነው። ዳኛው ሲፈቅድ «አልሠራም» አላለም፤ ሲከለክልም «ሠርቷል» አላለም። የ1954ቱ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 67 የሚያየው ሌላ ነገር ነው። ሰውየው ግዴታውን ጠብቆ ይመጣል? ሌላ ወንጀል ይሠራል? ምስክር ያባብላል፣ ማስረጃ ያጠፋል?

ጎልማሳው አልተረታልኝም። «ታዲያ ጎረቤቴን ለምን ከለከሉት?» አለ። ስጠይቀው ለካ ገና ክስ አልተመሠረተበትም፤ ጊዜ ቀጠሮ ላይ ነው፤ ማለትም ፖሊስ ምርመራውን እስኪጨርስ በፍርድ ቤት ፈቃድ ታስሮ ይቆያል። ይሄም ሌላው መደባለቅ ነው። ፖሊስ የያዘውን ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ያቀርባል፤ ከደላንታ ወይም ከለጋምቦ ገጠር ለመምጣት የሚፈጀው ጊዜ ሳይቆጠር። ከዚያ «ምርመራዬ አላለቀም» ካለ፣ የዚያው ሕግ አንቀጽ 59 በአንድ ቀጠሮ ከ14 ቀን በላይ አይፈቅድም። ስንት ጊዜ እንደሚቀጠር ግን ጣሪያ አላበጀም። መናደድ ካማራችሁ በዚህ ተናደዱ፤ ይሻሻል ከሚባለው ሁሉ እኔ ይሄን ነው የማስቀድመው። ሙስናና ሽብር ደግሞ የራሳቸው አዋጅ አላቸው፤ እነሱን እዚህ አታምጡብኝ። ሰው ሞቶ ክሱም 15 ዓመትና ከዚያ በላይ የሚያስቀጣ ሲሆንም ዋስትና የለም።

ስለ ድሃው ግን ጎልማሳው እውነቱን ነው። ሕጉ የገንዘቡ ልክ ሲወሰን የሰውየው አቅም ይታይ ይላል። ሆኖም አምስት ሺህ ብር ለአንዱ የምሳ ግብዣ፣ ለሌላው በሬ መሸጥ ነው። አንድ ጊዜ ከኩታበር የመጡ እናት ለልጃቸው ማስያዣ ብሩን ከመቀነታቸው ፈተው ሲቆጥሩ አብሬያቸው ቆሜ ነበር። ገንዘብ ያዡ ደረሰኝ ሲሰጣቸው ወደኔ ዞሩና፣ «በቃ አለቀ?» አሉኝ።

«አላለቀም እማማ፣ አብሽሩ። በቀጠሮው ቀን ይዘውት ይምጡ። ይቺን ወረቀት ደግሞ እንዳይጥሏት፤ ብርዎን የምትመልሰው እሷ ናት።»

አጥፈው ብሩ የነበረበት መቀነት ውስጥ ቋጠሯት።