«ጦጣ ሐር ብትለብስም ያው ጦጣ ናት»፦ ከየት መጣ? በደቡብ አሜሪካ አንዲስ ተራሮች አገሮችስ ለምን ይከብዳል?

በስፔንኛ ተናጋሪው ዓለም የታወቀ ተረትና ምሳሌ ነው። ከደረጃው በላይ ለብሶ የታየን ሰው ለማማት ይጠቀሳል፤ ልብስ ቢቀየር ማንነት አይቀየርም ነው ነገሩ። ሐሳቡን የጥንት ግሪኮችም ያውቁት ነበር። ስፔናዊው ቶማስ ደ ኢሪያርቴ እ.ኤ.አ. በ1782 ባሳተማቸው የእንስሳት ተረቶች ውስጥ አንዱን የከፈተው በዚሁ አባባል ነው።

ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1781፣ የዛሬዋ ፔሩ ከተማ ኩስኮ ላይ፣ የስፔንን አገዛዝ የተቃወመው የቱፓክ አማሩ አመፅ ሲደመሰስ የስፔን ንጉሥ ባለሥልጣን ሆሴ አንቶኒዮ ደ አሬቼ ከስፔን በፊት አገሩን ይገዙ የነበሩት የኢንካ መኳንንት ልብስ እንዳይለበስ ፈርዶ ነበር። ልብስ ማንነትን የማይነካ ከሆነ ታዲያ መከልከሉ ምን አስፈለገ? ጉዱ ደግሞ፣ ዛሬ የአገሬው ባህል የሚባለው ሰፊ ቀሚስ፣ ፖዬራ፣ መነሻው የስፔን ሴቶች ቀሚስ ነው።

ቴሌቪዥን ፖዬራ የለበሰችን ሴት ሲያሳይ አብዛኛውን ጊዜ ወይ የቤት ሠራተኛ ወይ መሳቂያ አድርጎ ነበር። ፔሩ ውስጥ ከ1999 ጀምሮ የቀረበችውን የኮሜዲ ገጸ ባሕሪ «ፓይሳና ሃሲንታ» ውሰዱ፤ ጉንጉኑን ሠርቶ፣ ጥርሱን ወላቃ አስመስሎ ይጫወታት የነበረው ሆርሄ ቤናቪዴስ የሚባል ወንድ ኮሜዲያን ነው። የተባበሩት መንግሥታት የዘር መድልዎ ኮሚቴ በ2014 ገጸ ባሕሪዋን በስም ጠቅሶ ተችቷል። ተረቱ እዚህ ላይ ተገልብጧል፦ ድሃዋ የጌታ ልብስ አልለበሰችም፣ ከተሜው ነው የእሷን የለበሰው።

ቦሊቪያ ቀድማ ሌላ መልክ አሳይታለች። ሬሜዲዮስ ሎሳ ከጣቢያ አቅራቢው ካርሎስ ፓሌንኬ ጋር በሬዲዮና በቴሌቪዥን የሕዝቡን ብሶት ስታስተናግድ ቆይታ፣ በ1989 ፖዬራዋን እንደለበሰች ፓርላማ ገባች። እንዲህ ለብሳ ለምክር ቤቱ የተመረጠች የመጀመሪያዋ ናት።

የፊልምና የቴሌቪዥን አልባሳት አዘጋጆች ዛሬም የሚስቱት የአካባቢውን ልዩነት ነው። የቦሊቪያዋ ከተማ የላ ፓዝ ፖዬራ እስከ ቁርጭምጭሚት ይወርዳል፤ ከሥሩ የሚደራረበው የውስጥ ቀሚስ ይነፋዋል። ከላይ ዘርፋም ሻርፕ፣ ድቡልቡል ጠንካራ ባርኔጣ፣ ጫፋቸው በሱፍ ዘርፍ የተያያዘ ሁለት ጉንጉኖች፣ ከታች ተረከዝ አልባ ጫማ። የሌላዋ የቦሊቪያ ከተማ የኮቻባምባው ጉልበት አካባቢ ይቀራል፣ ባርኔጣውም ነጭ ነው። የላ ፓዝን ባርኔጣ ከኮቻባምባ አጭር ቀሚስ ጋር ማልበስ የአገሩን ሰው ያስቃል።

ለጭፈራ ቀን ብቻ ፖዬራ የምታጠልቀውን ሴት የላ ፓዝ ሰዎች «ትራንስፎርመር»፣ መልኳን የምትለዋውጥ፣ ይሏታል። በ2007 በከተማዋ የቾሊታ፣ ማለትም የፖዬራ ለባሽ ሴቶች፣ ቁንጅና ውድድር አሸናፊዋ ዘውዷን የተነጠቀችው ጉንጉኗ የራሷ ፀጉር ባለመሆኑ ነበር።