በባሕር ዳርና በጣና ዳር የአድባራትና የወቅፍ ይዞታ ክርክር

ለእምነት የተሰጠ ንብረት ሲያሟግት ዋናው ሰው ችሎት አይቀርብም። ጉልት (ግብሩ ለገዳም ወይም ለደብር የሚገባ መሬት) የሰጠው ንጉሥም ሆነ ቤቱን ወቅፍ (በእስልምና ለዘለቄታው ለበጎ ሥራ የተሰጠ ንብረት) ያደረገው ነጋዴ ከሞቱ ቆይተዋል፤ የተሰጠላቸው ምእመናን ደግሞ ብዙዎቹ ገና አልተወለዱም። ስለዚህ በዚህ ዓይነት ክርክር ማን ስለ ማን እንደሚናገርና መጥሪያው ለማን እንደደረሰ መመርመር ንብረቱ የማን ነው ከሚለው ጥያቄ ይቀድማል።

በጣና ገዳማት የይዞታ መዝገብ ሆኖ የኖረው ወንጌሉ ነው። የጉልት ስጦታ በብራናው ኅዳግ ወይም ባዶ ገጽ ላይ ይጻፋል፤ ሰጪው፣ ምስክሮቹና ስጦታውን የሚያፈርስ ሰው የሚወገዝበት ቃል አብረው ይሰፍራሉ። በእስልምናም ወቅፍ አይሸጥም፣ አይወረስም፤ ሙተወሊው ያስተዳድረዋል እንጂ የራሱ አያደርገውም።

በ1967 የወጡት ሁለት አዋጆች፣ የገጠር መሬትን የሕዝብ ያደረገው ቁጥር 31 እና የከተማ ቦታና ትርፍ ቤትን የወረሰው ቁጥር 47፣ የዚህን ሁሉ መሠረት ለወጡት። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል። ስለዚህ ዛሬ ሙግቱ በይዞታ፣ በሕንፃ፣ በኪራይ፣ በአጸድና በመቃብር ቦታ ላይ ነው። የድሮው ብራና ታሪክን ያስረዳል፤ ብቻውን ግን የይዞታ ማረጋገጫ ደብተርን አይተካም።

ቤተ ክርስቲያን ከግለሰብ ጋር ስትከራከር ጉዳዩ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይሄዳል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ በአንቀጽ 398 የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን የሕግ ሰውነት እንዳላት ስለሚደነግግ መክሰስም መከሰስም ትችላለች። የሸሪዓ ፍርድ ቤት ግን መነሻው የተከራካሪዎች ፈቃድ ነው፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 በሃይማኖት ሕግ መዳኘትን የፈቀደው ወገኖቹ ከተስማሙ ብቻ ነው። የፌዴራል የሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን ያጠናከረው አዋጅ ቁጥር 188/1992 ወቅፍን በዳኝነት ሥልጣናቸው ሥር አድርጎ፣ ክርክሩ የሚመራው በሥራ ላይ ባለው የሥነ ሥርዓት ሕግ እንደሆነ ይደነግጋል። ተከሳሹ ካልተስማማ መዝገቡ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይተላለፋል።

እዚሁ አዋጅ ውስጥ አንድ ድንጋጌ ያሳስበኛል። መጥሪያ ደርሶት ያልቀረበ ተከሳሽ እንደተስማማ ይቆጠራል፤ ጉዳዩም በሌለበት ይታያል። መቅረት ግን መስማማት አይደለም። በ1996 የፌዴሬሽን ምክር ቤት በአንድ የውርስ ቤት ክርክር፣ ተከራካሪዋ ሳትስማማ በሸሪዓ ፍርድ ቤት የተሰጠውን ውሳኔ ሕገ መንግሥቱን ይቃረናል ብሎ ውድቅ ማድረጉ ትክክል ነበር።

በጣና ላይ ጉዳዩ ይበልጥ ይከብዳል። ለደሴት ገዳም የተጻፈ ወረቀት በጀልባ ወይም በታንኳ ይሻገራል። ወደብ ላይ ለተገኘ ዲያቆን ተሰጥቶ፣ አበ ምኔቱ ወይም የንብረቱ ጠባቂ ገበዙ ሳያዩት የቀጠሮው ቀን ሊያልፍ ይችላል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ለዚህ ሁለት በር ከፍቷል። በአንቀጽ 78 በሌለበት የተፈረደበት ሰው ፍርዱን ባወቀ በአንድ ወር ውስጥ በቂ ምክንያቱን አስረድቶ እንዲነሣለት ይጠይቃል፤ በአንቀጽ 358 ደግሞ ሳይከሰስ መብቱ የተነካ ሰው ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት መቃወሚያ ያቀርባል። የአጥር ጎረቤትና የወቅፍ ቤት ተከራይ ብዙ ጊዜ የሚያስፈልጋቸው ይህ ሁለተኛው ነው።

መሬቱ ለልማት ሲፈለግ መንገዱ ሌላ ነው። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት ቅሬታው መጀመሪያ ለአቤቱታ ሰሚ፣ ቀጥሎ ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ በመጨረሻም ለፍርድ ቤት ይቀርባል፤ ጊዜው በየደረጃው ሠላሳ ቀን ነው። ለሰበካ ጉባኤ ሠላሳ ቀን አጭር ነው፤ ተሰብስቦ መወሰን፣ ውክልና መስጠት፣ ሰነድ ማውጣት አለበት። ስለዚህ ደብዳቤው የደረሰበትን ቀንና የተቀበለውን ሰው ስም በዚያው ዕለት በመዝገብ ማስፈር ያስፈልጋል፤ ቀነ ገደቡ አልፏል የሚል ክርክር ሲነሣ ገዳሙ የሚያሳየው ያንን ገጽ ነው።